የግርጌ ማስታወሻ አርባ አንድ

ረቢዑል አኺር 4፣ ማክሰኞ

ይህ ደብተር የሥራ ነበር። ፊተኞቹን ስድስት ገጾች ቀድጄ ጣልኳቸው፤ የሐዲስ ቁጥር ብቻ ነበሩ። ቀኑን ሙሉ የሰው ቃል ሳጣራ እውልና የራሴን የምጥልበት ቦታ አጣለሁ። እዚህ የምጽፈውን ማንም አያጣራውም፤ ደስ የሚለኝም እሱ ነው።

ሰው ሥራሽ ምንድን ነው ሲለኝ "መጽሐፍ ማሳተሚያ ቤት እሠራለሁ" ብዬ አልፋለሁ። ነገሩ እንዲህ ነው፦ ኡስታዝ ይጽፋሉ። እኔ ደግሞ እሳቸው የጠቀሱት ሐዲስ ሁሉ በየትኛው ኪታብ፣ በስንተኛው ቁጥር እንዳለ እፈልጋለሁ። ሰነዱን፣ ማለትም ሐዲሱን ከአፍ ወደ አፍ ያቀበሉትን ሰዎች ሰንሰለት፣ ጤነኛ ይሁን ደካማ አያለሁ። ከዚያ ከገጹ ግርጌ በደቃቃ ፊደል አስቀምጠዋለሁ። ሽፋኑ ላይ የሳቸው ስም በወርቅ ቀለም ይወጣል። የእኔ የትም የለም። አሥራ አንድ ዓመት የግርጌ ሰው ሆኜ ኖርኩ።

አሁን ሁለት ሥራ ባንድ ጊዜ ተደራረበብኝ። አዲሱ ትልቁ መጽሐፍ ሦስት መቶ ማጣቀሻ አለው። "የሐዘን ወራት" የምትባለው የኪስ መጽሐፍ ደግሞ ለአራተኛ ጊዜ ልትታተም ነው። ባሏ ለሞተባት ሴት ሕግጋቱን የምታስረዳ ስልሳ አራት ገጽ ናት። ከኡስታዝ መጻሕፍት እንደሷ የተሸጠ የለም። ሰው መሞቱን አላቆመማ።

ረቢዑል አኺር 6፣ ሐሙስ

ከሥራ ስወጣ እህቴ ጋ ሄድኩ። ባሏ ከሞተ አርባ አምስት ቀኗ ነው። ዒዳዋን፣ አራት ወር ከአሥር ቀኑን የመቆያ ጊዜ፣ በባሏ ቤት ከአማቷና ከዋርሳዋ ጋር ነው የምትፈጽመው። ከስታለች። ዘጠኝ ዓመት እበልጣታለሁ፤ ፊደል ያስቆጠርኳት እኔ ነኝ፣ እናታችን ከሞተች ወዲህ ጸጉሯን የምሠራላትም እኔ ነበርኩ።

የምትሠራበት የስፌት ቤት አለቃ መልእክት ልኮላታል። የተማሪ ደንብ ልብስ ሥራ ሊገባ ነውና ጠረጴዛዋን እስከ ወሩ መጨረሻ ብቻ ይጠብቅላታል። ዘጠኝ ዓመት ጨርቅ ስትቆርጥ ኖራ ባለፈው ዓመት ነው ዋና ቆራጭ የሆነችው። መቶ ሱሪ አንድ ላይ ተደርቦ ነው የሚቆረጠው፤ እጅ ከሳተ መቶውም ይስታል። እሷን የሚፈልጋት ለዚህ ነው።

"ምን አልሽው?" አልኳት።

"አልወጣም አልኩታ። ሌላ ምን እላለሁ?"

ዋርሳዋ ከደረት ኪሱ መጽሐፏን አወጣ። "የሐዘን ወራት"። ገጽ ሃያ ሰባትን ገልጦ ለእኔ አነበበልኝ፣ ለእኔ፦ "በዒዳ ላይ ያለች ሴት በቀንም ቢሆን ለሥራ ከደጃፏ አትወጣም።" ከዚያ ጣቱን ወደ ታች አወረደና "ማስረጃውም ይኸው፣ ቁጥር አርባ አንድ" አለኝ። በአክብሮት ነው የሚናገረው። ወንድሙን ቀብሮ የወንድሙን ሚስት በደንቡ ልጠብቅ የሚል ሰው ነው። ክፉ ቢሆን ይሻለኝ ነበር፤ ለክፉ ሰው መልስ መስጠት ይቀላል።

አብዛኞቹ ሊቃውንት ለችግሯ ቀን ወጥታ ማታ ቤቷ እንድትገባ እንደሚፈቅዱ አውቃለሁ። ይህን ማለት ነበረብኝ። ኡስታዝ ጠበቅ ያሉበት የራሳቸው ማስረጃ ስላላቸው ነው ብዬ ዝም አልኩ።

ረቢዑል አኺር 11፣ ማክሰኞ

ጡረተኛው የመሬት ቀያሽ ዛሬም ጽፈዋል። በየወሩ ይጽፉልናል። ቢሮ ውስጥ ደብዳቤያቸው ሲመጣ "ሰውዬው ዛሬም ገመዳቸውን ዘረጉ" ይባላል። ባለፈው የገጽ ቁጥር ተዛብቷል ብለው አራት ወረቀት ሞሉ።

የዛሬው አጭር ናት። "በገጽ ሃያ ሰባት፣ በግርጌ አርባ አንድ የጠቀሳችሁትን ኪታብ አንድ ወዳጄ ቤት አግኝቼ ገለጥኩት። የጻፋችሁት ቁጥር ልክ ነው። ገጹን ግን አንብባችሁታል?"

ምን ማለታቸው ነው? ቁጥሩ ልክ ከሆነ ልክ ነው። ሥራ ያጣ ሰው ሥራ ያለውን ሰው ሲያስቸግር ይውላል። ከሌሎቹ ደብዳቤዎች ጋር አስቀመጥኩት።

ረቢዑል አኺር 12

አልገለጥኩትም። ጊዜ የለም። ማተሚያ ቤቱ ሁለቴ ደወለ። ከሦስት መቶው መቶ አርባ ይቀረኛል።

ረቢዑል አኺር 14፣ ጁሙዓ

ቢሮው ከጁሙዓ ሶላት በኋላ ባዶ ነው። መሰላሉን አምጥቼ ሦስተኛውን ጥራዝ አወረድኩት። አቧራው እንደተኛ ነው። ከእኔ በፊት ማንም አልገለጠውም። ማለት፣ ከዛሬ በፊት።

ሐዲሱ አለ። ቁጥሩ ልክ ነው፣ ቃሉ ልክ ነው። ግን ኪታቡ ደካማ አስተላላፊዎች በስም እየተጠሩ ነውራቸው የሚዘረዘርበት ኪታብ ነው። ጸሐፊው አንድ ሰው ይጠራል፤ ይህ ሰው ያልሰማውን ሰማሁ ይላል፣ አይታመንም ይላል፤ ከዚያ "ከፈጠራቸውም አንዱ ይኸውና" ብሎ ያንን ሐዲስ ያመጣል። ሌባ ነው ብሎ ያቆመውን ሰው እኛ ምስክር አድርገን አስማልነው።

ከግርጌ የተጻፈው እንዲህ ነው፦ የኪታቡ ስም፣ ጥራዝ፣ ቁጥር፣ "ዘግቦታል"። ውሸት የለበትም። ዘግቦታል። ለምን እንደዘገበው ግን አልተጻፈም። አንባቢ ደግሞ "ዘግቦታል" ሲባል ተቀብሎታል ብሎ ነው የሚረዳው፤ ስንቱ አንባቢ ኪታቡ የምን ኪታብ እንደሆነ ያውቃል?

የዛሬ አምስት ዓመት ያጣራው ሰው ቸኩሎ ይሆናል። ጥራዙ ያን ጊዜ ለጥረዛ ሄዶ ከመደርደሪያው ጠፍቶ ነበር፤ ከሌላ መጽሐፍ ግርጌ ተቀድቶ ይሆናል። በሁለት ቀን ስልሳ ማጣቀሻ ጨርስ የተባለ ሰው ምን ያድርግ። ሁሉም ቤት የሚደረግ ነው።

ገጽ የሚያቀናብረው ሰውዬ፣ እኛ ሰረዝ የምንለው፣ ኮቱን ረስቶ ተመለሰና መሰላሉ ላይ አገኘኝ። ነገርኩት፣ እንደ ቀልድ። "ያኔ ያጣራው ሰው ገጹን አልገለጠውም" አልኩት።

"እዚህ ቤት ካንቺ ሌላ አጣሪ ነበር እንዴ?" አለኝ። ኮቱን ይዞ ወጣ።

ረቢዑል አኺር 16፣ እሑድ

ኡስታዝ ጋ ገባሁ። የግርጌ አርባ አንድ ምንጭ ደካማ ሆኖ ተገኝቷል አልኳቸው። ሆኖ ተገኝቷል። እንደ ዝናብ፣ ከሰማይ እንደወረደ።

መነጽራቸውን አውልቀው ዓይናቸውን አሹ። "በጣም ደካማ ነው?"

"ሊያጋልጡት ነው ያመጡት፣ ኡስታዝ።"

"አስተላላፊው ተመስክሮበታል?"

"አዎ።"

መነጽራቸውን መልሰው አደረጉ። ከዚያ "በአራተኛው እትም ላይ አንቀጹን አለስልሺው፣ ግርጌዋንም አውጪያት። ማስታወቂያ ግን አያስፈልግም። ሦስት እትም ተሸጧል፤ አንዱን ስህተት ብንል ሰው የቀረውንም ይጠራጠራል። ደግሞ ጥንቃቄ ማንን ጎድቶ ያውቃል? አራት ወር ቤቷ የተቀመጠች ሴት ምን ሆነች?" አሉኝ።

እህቴን ያውቋታል። ለቅሶ መጥተው ነበር። ልነግራቸው አፌን ከፍቼ ነበር፤ "እሺ ኡስታዝ" ብዬ ወጣሁ። ኮሪደሩ ላይ እግሬ ቀለለኝ። መቅለሉ ነው አሁን የሚያናድደኝ።

ዝም አይነቅዝም ይላሉ። የሚሉት ምን ዝም ብለው ያውቃሉ?

ረቢዑል አኺር 18

ሦስት መቶው አላለቀም። ራስ ምታት። እህቴ ደወለች፣ አላነሳሁም። ለጡረተኛው መልስ ጻፍኩ፦ "አስተያየትዎ ደርሶናል።" ማኅተም አደረግሁበት።

ረቢዑል አኺር 20፣ ሐሙስ

ዛሬ ሄድኩላት። ልነግራት ነበር፤ ቢያንስ እንድትወጣ ላደርጋት። መንገድ ላይ ስዘጋጅበት ነው የሄድኩት። አማቷ ተኝተዋል፣ ዋርሳዋ ሥራ ነው፣ ሁለታችን ብቻ ነበርን። የባሏን ሸሚዞች እያጠፈች ካርቶን ውስጥ ትከታለች፤ አንገትጌያቸውን እያስተካከለች፣ ለሱቅ እንደሚቀርብ።

"ብዙ ሊቃውንት እኮ ቀን ወጥታ ሠርታ ማታ ብትገባ ችግር የለውም ይላሉ" አልኳት።

"የናንተ መጽሐፍ ግን አይልም።"

"የኡስታዝ አስተያየት ነው። መከተል ግዴታ የለብሽም።"

"እትዬ፣ እኔ ኡስታዝን መቼ አመንኩ?" ብላ ሳቀች። ከቀብሩ ወዲህ ስትስቅ አላየኋትም ነበር። "ዋርሳዬ ሲያነብልኝ መጀመሪያ ተቆጥቼ ነበር። ሰውዬው ለራሱ የሚመቸውን ነው የሚያነበው አልኩ። በኋላ ቁጥሯን ሳይ፣ ይቺን ያጣራቻት እህቴ ናት አልኩ። ያንቺ እጅ ካለበት አለቀ። አንቺ ሽሮ እንኳ ሦስቴ ሳትነፊ አትሠሪም።"

 ሸሚዝ አብሬያት አጠፍኩ። እጅጌው አልታጠፍ ብሎኝ ቀማችኝ።

ስለዚህ የያዛት አማቷ አይደሉም፣ ዋርሳዋም አይደለም፣ ኡስታዝም አይደሉም። ይህን መጻፍ አልፈልግም ነበር።

ሙያችን ለሰው ደረጃ አለው። አንዱ ጥንቁቅ ይባላል። አንዱ እውነተኛ ነው ግን ይዘነጋል ይባላል፤ የሱ ወሬ ደጋፊ ከተገኘለት ይያዛል። በሐዲስ ላይ ሲዋሽ የተያዘ ግን ያወራው ሁሉ ይጣልበታል፣ እውነቱም ጭምር። እኔ የረሳሁ ነኝ። ዘነጋሁ። የዋሸሁት ነገር የለም። ይህን ዛሬ አራት ጊዜ ለራሴ ተናገርኩ።

ካወቅሁ ስድስት ቀን ሆነኝ።

ረቢዑል አኺር 24፣ ሰኞ

ወደ ስፌት ቤቱ ሄድኩ። ጊዜ እንዲጨምርላት ልለምነው።

አዳራሹ ውስጥ ሃያ መኪና ባንድ ጊዜ ይጮኻል፤ አፍ ለአፍ ካልተጠጉ አይሰማም። የሷ ጠረጴዛ መጨረሻ ላይ ነው፣ በሰማያዊ ጨርቅ ተሸፍኗል። አለቃው ሽፋኑን ገለጥ አድርጎ አሳየኝ። የእጅ መቀሷ፣ ጠመኔዋ፣ የካርቶን ልኮቿ በመጠን ተደርድረው። ማንም እንዳይነካባት አዟል።

"እኔ ሐዘኗን አከብራለሁ" አለኝ። "ግን አንድ ነገር ልጠይቅሽ፣ አንቺ የተማርሽ ነሽ። ከጠዋት እስከ ቀትር ብቻ ብትመጣስ? መኪና እልክላታለሁ፤ ከቤቷ እዚህ፣ ከዚህ ቤቷ። የኔም አክስት ባሏ ሲሞትባት ሱቋን አልዘጋችም ነበር፣ ማታ ማታ ቤቷ ትገባ ነበር እንጂ። አልተፈቀደም እንዴ?"

ጥያቄው ቀጥ ያለ ነው። መልሱም ቀጥ ያለ ነበር።

"እጠይቃለሁ" አልኩት።

ከእኔ በላይ ማንን ልጠይቅ ነው? ደረጃውን ስወርድ ይህን አሰብኩና ቆምኩ። ብመለስ ኖሮ ሃያ ደረጃ ነው። አልተመለስኩም። ብነግረው ለሷ ይነግራታል፤ ለሷ ከነገራት ከሰው ሰማች ማለት ነው፤ እኔ ራሴ ልንገራት ይሻላል አልኩ። ጥሩ ምክንያት ነው። ምክንያት አጥቼ አላውቅም።

እስከ ወሩ መጨረሻ አምስት ቀን አለ።

ረቢዑል አኺር 27፣ ሐሙስ

ትላንት ልሄድ ነበር፣ ማተሚያ ቤቱ ጠራኝ። ዛሬ ልሄድ ነበር፣ ኡስታዝ አዲሱን መጽሐፍ መልሰው አመጡት፣ ሃያ ሐዲስ ጨምረውበት። ሰረዝ "ሰውነትሽን አታይውም እንዴ፣ አመድ መስለሻል" አለኝ። እንቅልፍ የለኝም። አሁን እያንዳንዱን ሐዲስ ከነገጹ፣ ከላይ ከታች፣ ከመቅድሙ ጀምሬ አነባለሁ። ለማላውቃቸው ሰዎች እንዲህ እጠነቀቃለሁ።

ቅዳሜ እሄዳለሁ።

ረቢዑል አኺር 29፣ ቅዳሜ

ሄድኩ። ቤቱ በሴቶች ተሞልቶ ነበር፣ የአማቷ ዘመዶች። በሰው ፊት እንዴት ይነገራል። አንዷ ሴትዮ እህቴን እያሳየች ለልጇ "አየሽ፣ ሕግ ጠባቂ ማለት እንዲህ ናት" ትላታለች። እህቴ አንገቷን ደፋች። እኔም ደፋሁ።

ጁማደል ኡላ 3፣ ማክሰኞ

ጠረጴዛውን ሰጡት። ከሌላ ስፌት ቤት የመጣ ቆራጭ ነው። መቀሷን፣ ጠመኔዋን፣ ልኮቿን በከረጢት አድርገው ቤቷ ላኩላት። በስልክ ነገረችኝ፤ ድምፅዋ ደህና ነበር፤ "አላህ የተሻለ ይሰጠኛል፣ ለእሱ ብዬ ነው የተውኩት" አለችኝ።

ለእሱ ብላ። እሱ አላላትም። እኔ ነኝ ያልኳት።

ካወቅሁ አሥራ ስምንት ቀን።

ጁማደል ኡላ 7፣ ቅዳሜ

ሥራ የለም፣ ቤት ነኝ። ዛሬ ማንንም አልወድም። ኡስታዝን አልወድም፤ ግን ቢሯቸው ገብቼ እውነቱን አልነገርኳቸውም። ዋርሳዋን አልወድም፤ ግን ያነበበው እኔ የጻፍኩትን ነው። ጡረተኛውን አልወድም፤ ሰውየው የሠሩት ጥፋት ገጽ መግለጥ ነው። አይጥ በበላ ዳዋ ተመታ አሉ። ዳዋው ሲያልቅ አይጧ ብቻዋን ትቀራለች።

በሦስት እትም ለተሸጠው ሰባት ሺህ ኮፒ ሰባት ሺህ እህት አለ ማለት ነው። ይህን አስቤ አላውቅም ነበር። አሁንም ቶሎ ብዬ ተውኩት፤ አንዷም አልተቻለችኝ።

ጁማደል ኡላ 11፣ ረቡዕ

ኡስታዝ ቢሮ ገብቼ በሩን ዘጋሁት። ከአምስት ዓመት በፊት ገጹን ሳልገልጥ የጻፍኩት እኔ ነኝ አልኳቸው። እህቴ በሱ ምክንያት ሥራዋን አጥታለች አልኳቸው። 

ብዙ ጊዜ አላዩኝም። መጽሐፏን አንስተው ገጽ ሃያ ሰባትን አነበቡ፣ የራሳቸውን ጽሑፍ፣ እንደ እንግዳ። "እኔም አልገለጥኩትም" አሉ በመጨረሻ። "ሐዲሱን ከአንድ የመስጂድ ደርስ ላይ ሰምቼ ነው። አንቺ ታጣሪዋለሽ ብዬ ተውኩት።"

እኔ ደግሞ እሳቸው ያውቁታል ብዬ ነበር።

የእርማት ወረቀት ይውጣ አሉ። በየመጽሐፉ ውስጥ የምትገባ ትንሽ ወረቀት፣ ለተሸጠው ደግሞ በመስጂድ ማስታወቂያ። ማን እንደተሳሳተ አይጻፍም፤ "አሳታሚው" ይባላል። ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ ማለት ይህ ነው። ያም ሆኖ ሰረዝ ወረቀቷን ዛሬውኑ አቀናበራት። ሲጨርስ ጠረጴዛዬ ላይ አስቀምጦልኝ ወጣ።

ጁማደል ኡላ 12፣ ሐሙስ

ነገርኳት።

ዋርሳዋም ነበረ፤ ይስማ ብዬ አስቀመጥኩት። ሦስተኛውን ጥራዝ ይዤ ነበር የሄድኩት። ገጹን ገልጬ ጸሐፊው ሰውየውን ምን ብሎ እንደጠራው፣ ሐዲሱን ለምን እንዳመጣው ቃል በቃል አነበብኩላቸው። የግርጌዋን አርባ አንድ እኔ እንደጻፍኳት፣ ይህን ገጽ ሳላየው እንደጻፍኳት ነገርኳቸው። ይህን ለመናገር ሃያ ሰባት ቀን ፈጀብኝ፤ ሲነገር ግን አንድ ሻይ እስኪቀዘቅዝ እንኳ አልቆየም።

ዋርሳዋ መጽሐፏን ከኪሱ አውጥቶ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጣት። "ያነበብኩብሽ እኔ ነኝ" አላት። "አውፍ በይኝ።" ተነስቶ ወጣ፤ ጓሮ ሄዶ ቆሞ በመስኮት ይታየኝ ነበር፣ እጁን ወገቡ ላይ አድርጎ ግድግዳ ያያል። ወንድሙ የሞተ ቀንም እንዲሁ ቆሞ ነበር።

እህቴ አልጮኸችም። ጥራዙን ወደሷ ሳበችና አረብኛውን በጣቷ ተከተለች፣ እኔ እንዳስተማርኳት፣ ቀስ እያለች። ገጹን ጨረሰችው። ከዚያ ቀና ብላ አየችኝ።

"መቼ አወቅሽ?"

ይህን ጥያቄ አልተዘጋጀሁበትም። ስለ ሰውየው፣ ስለ ኪታቡ፣ ስለ ሊቃውንቱ የምመልሰው ሁሉ ነበረኝ። ፊቷ ላይ ቁጣ ብጠብቅ አጣሁ፤ የምትቆጣበት ቀን እየፈለገች ነበር።

"ትላንት ነው ከኡስታዝ ጋር ተነጋግረን የቆረጥነው" አልኳት።

እውነት ነው። ትላንት ነው የተነጋገርነው። ትላንት ነው የቆረጥነው።

በጣቶቿ ቆጠረች። "ትላንት ረቡዕ። ጠረጴዛዬ ከተሰጠ ስምንት ቀን አልፎት ነበር ማለት ነው።" ትከሻዋ ወረደ፤ ደረቷ ላይ የተቀመጠ ነገር የተነሳላት ይመስል በረጅሙ ተነፈሰች። "አልሐምዱሊላህ። እኔ ደግሞ ምን እንዳሰብኩ ታውቂያለሽ? አላህ ይቅር ይበለኝ፣ ከወሩ መጨረሻ በፊት አውቀሽ ዝም ያልሽኝ መስሎኝ ደነገጥኩ።"

እጇን ጉልበቴ ላይ አደረገች። መቀስ ያደነደነው ጣቷ አሁንም ጠንካራ ነው።

"አይዞሽ እትዬ" አለችኝ። "ሰው ይሳሳታል። አንቺ እንኳ ባወቅሽ ማግስት መጥተሽ ነገርሽኝ።"

አዎ አልኳት።